የአስታማሚዋ ቴአትር፦ «ማርቪንስ ሩም»ን አይቼ

ፍርዴን መጀመሪያ ልናገርና ምክንያቴን ከዚያ ላስከትል፤ ይሄን ቴአትር እዩት። እናቱን ወይም አባቱን ያስታመመ፣ አሁንም እያስታመመ ያለ፣ ወይም እዚህ አሜሪካ የሰው ወላጅ እያጠበና እያጎረሰ እንጀራውን የሚበላ ሰው በተለይ ቢያየው ደስ ይለኛል። የበሽታና የሞት ታሪክ ነው ሲባል ብዙ ሰው «አይ፣ የራሴ ጭንቀት ይበቃኛል» ይላል። ይገባኛል። ግን አዳራሹ ውስጥ ከለቅሶው ሳቁ ይበዛ ነበር። ሳቁም የታመመ ሰው ያለበት ቤት ሳቅ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ እንቅልፍ በዓይኗ ያልዞረ ሴት ጠዋት ላይ በማይረባ ነገር ሆዷን እስኪያማት የምትስቀው ዓይነት።

ጸሐፊው ስኮት ማክፈርሰን የሚባል አሜሪካዊ ነው። ድራማው በ1990 ቺካጎ በሚገኘው ጉድማን ቴአትር ተጀመረ፣ በ1991 መጨረሻ ኒውዮርክ ገባ፣ በ2017 ደግሞ ብሮድዌይ ላይ ታየ (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ ናቸው)። ብዙዎቻችን የምናውቀው ግን የ1996ቱን ፊልም ነው፤ ሜሪል ስትሪፕና ዳያን ኪተን እህትማማች ሆነው የሠሩበትን፣ ሊዮናርዶ ዲካፕሪዮ ገና በልጅነት መልኩ ያለበትን። እኔ የምጽፈው ስለ መድረኩ ነው። ያየሁት ሜሪላንድ ውስጥ አንድ ትንሽ የሰፈር ቡድን ሲያሳየው ነው። ተዋንያኑ ቀን ቀን ሌላ ሥራ ያላቸው ሰዎች ናቸው። አዳራሹም ጠባብ ስለሆነ ከፊት የተቀመጠ ሰው እግሩን ቢዘረጋ የቤሲ ወጥ ቤት ውስጥ ይገባል። የነሱ ዝግጅት አልቋል፤ ግን ይሄን ድራማ ትንንሽ ቡድኖችና ኮሌጆች ደጋግመው ስለሚያነሱት እናንተ ያላችሁበት አካባቢ ሲመጣ እንዳያመልጣችሁ ብዬ ነው።

ቤሲ ፍሎሪዳ የምትኖር፣ አርባ ዓመት ገደማ የሆናት ሴት ናት። አላገባችም፣ አልወለደችም። አባቷ ማርቪን ከሃያ ዓመት በፊት ገደማ ስትሮክ መቶት አልጋ ላይ ቀርቷል፤ በላዩ ላይ ካንሰርም ስኳርም አለበት። የማርቪን እህት አክስት ሩትም አብራቸው ትኖራለች። አከርካሪዋ የተጎዳ፣ ዕድሜ ልኳን ህመም ያልተለያት ሴት ናት። ህመሙን ለማስታገስ አንጎሏ ውስጥ ሽቦ ተቀብሮላት በትንሽ ሳጥን ትቆጣጠረዋለች። ሳጥኑን ስትነካው ታዲያ የጋራዡ በር ይከፈታል። አክስት ሩት የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ውስጥ የሚጋቡትን ሰዎች ሠርግ ለማየት ለብሳና ተኳኩላ ትቀመጣለች። ይሄን ሳይ ቃና ላይ የሚያለቅሱትን ገጸ ባሕርያት በስማቸው እየጠሩ የሚመክሩ የኛ እናቶች ናቸው የታወሱኝ።

ይሄ ሁሉ በቤሲ ትከሻ ላይ ነው። ስለ አባቷ ስትናገር፣ አባባ እየሞተ ነው፣ ግን እኔ ምንም እንዳያመልጠኝ ብሎ ሃያ ዓመት ሙሉ ቀስ እያለ ነው የሚሞተው የሚል ነገር ትላለች። ሰው ይስቃል። ከዚያ አዳራሹ ጸጥ ይላል።

በኋላ ቤሲ ራሷ ትታመማለች። ድካም ነው፣ ቪታሚን አንሶኝ ይሆናል ብላ የሄደችበት ምርመራ የደም ካንሰር ሆኖ ይመጣል። ተስፋ ካለ ከሥጋ ዘመድ በሚወሰድ መቅኔ ነው። ያለቻት እህት ሊ ናት፤ አባታቸው በወደቀ ጊዜ እኔ ዕድሜዬን በዚህ አልጨርስም ብላ ኦሃዮ የቀረች፣ ከዚያ ወዲህ ቤቱን ዞራ ያላየች። ሊ ሁለት ወንዶች ልጆቿን ይዛ ትመጣለች። ትልቁ ሃንክ የ17 ዓመት ልጅ ነው፣ ቤታቸውን በእሳት አጋይቶ የአእምሮ ሕክምና ተቋም ገብቷል። ትንሹ ቻርሊ ደግሞ ከመጽሐፉ ቀና አይልም። ምርመራው ምን እንደሚያመጣ አልነግራችሁም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ስለ ከባድ በሽታ የተሠሩ ድራማዎች አብዛኞቹ ታማሚውን መሃል ላይ ያስተኙትና ሁሉም ሰው ዙሪያውን ከቦ ያለቅሳል። ታማሚው ቆንጆ ንግግር ያደርጋል፣ ይሰናበታል፣ መጋረጃው ይዘጋል። እዚህ ግን ክፍሉ በስሙ የተሰየመለት ሰውዬ በደንብ አይታየንም። ማርቪን ያለው ብርሃን ብቻ ከሚያሳልፍ የመስታወት ጡብ ግድግዳ ጀርባ ነው። ጥላው ይታያል፣ ድምፁ ይሰማል፣ አለቀ። የምናየው የምትገባውንና የምትወጣውን ሴት ነው። ጸሐፊው ዓይናችንን ከአልጋው ላይ አንስቶ በሩ ላይ ተከለው፣ እኔ እንግዲህ ለዚህ ነው የምወደው።

ያየሁት ዝግጅት ላይ ቤሲን የተጫወተችው ተዋናይት ይሄ በደንብ ገብቷታል። እጇ አያርፍም። ከእህቷ ጋር እየተጣላች ፎጣ ታጥፋለች፣ ከሐኪሙ ጋር በስልክ እያወራች የክኒን ማስቀመጫውን የሰኞውን ክዳን ትከፍታለች፣ የማክሰኞውን ትከፍታለች፣ ክኒን ትቆጥራለች፣ ትዘጋለች። ድምፅ ከክፍሉ በተሰማ ቁጥር ንግግሯን ሳታቋርጥ አንገቷ ብቻ ወደዚያ ዞር ይላል። ይሄን የሚያውቀው ያስታመመ ሰው ብቻ ነው። ጆሮ አንዴ ወደ ታማሚው ከተተከለ ምግብ ላይም፣ እንግዳ ፊትም፣ እንቅልፍ ላይም ከዚያ አይነሳም። ተዋናይቷ የትም ትማረው የት እንጃ፣ ግን እዚያ ነበረች።

የእጅ መስታወቷ ነገር ደግሞ አለ። ቤሲ አባቷን ማዝናናት ስትፈልግ ትንሽ መስታወት ይዛ መብራቱን ታንጸባርቅበታለች፣ ብርሃኑ ግድግዳውና ጣሪያው ላይ እየዘለለ ይዞራል፣ ማርቪን ደስ ይለዋል። ሌላ ምንም የለውም። ከመስታወቱ ጡብ ጀርባ ብርሃኑ ሲሮጥ እኛ የምናየው የተሰባበረ ብልጭታ ብቻ ነው፣ የሽማግሌው ሳቅ ደግሞ ይሰማል። ፊልሙ ላይ ማርቪን ፊቱ ይታያል፤ ሂዩም ክሮኒን ነው የተጫወተው፣ ጎበዝ ነው። መድረኩ ላይ ግን ፊቱ ስለማይታይ እያንዳንዱ ተመልካች የራሱን ሰው እዚያ አልጋ ላይ ያስተኛል። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ መስታወቱ በወጣ ቁጥር መሐረባቸውን ያወጡ ነበር።

ስለ ሊ ደግሞ ጥቂት ማለት እፈልጋለሁ፣ ምክንያቱም እዚህ ውጭ አገር ላለን ሰዎች ከባዱ ገጸ ባሕርይ እሷ ናት። የኛ ቤተሰብ ውስጥ ይሄ ነገር የተለመደ ነው። አንዷ እህት አዲስ አበባ ወይም ጎንደር ቀርታ እማዬን ታስታምማለች፤ ሌላዋ ቨርጂኒያ ወይም ዱባይ ሆና ብር ትልካለች፣ መድኃኒት በሰው ትልካለች፣ በቪዲዮ ትደውላለች። የምታስታምመው «አንቺ ምን አለብሽ» ትላለች። የምትልከው «እኔ ባልልክ በምን ትታከም ነበር» ትላለች። ሁለቱም እውነት አላቸው፣ ሁለቱም ተጎድተዋል፣ ነገሩ ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚፈነዳው ከአርባ በኋላ ዕቃ ሲከፋፈሉ ነው። ሊ ብርም አልላከችም። ዝም ብላ ነው የጠፋችው። ስለዚህ ገና ስትገባ ልንጠላት ተዘጋጅተን እንጠብቃታለን፤ ድራማው ግን አያስጠላትም። ልጇን መያዝ ያቃታት፣ የፀጉርና የውበት ሙያ ትምህርት ቤት ገብታ ኑሮዋን ለማቃናት የምትፍጨረጨር፣ ሲጋራዋን የማትተው፣ የፈራች ሴት ናት። ከአባቷ ክፍል በር ላይ ደርሳ የምትመለስበት ሁኔታ አለ፤ ገብታ ማየት አትችልም። ስንት ሰው ነው አገር ቤት የማይሄደው ትኬት አጥቶ ሳይሆን እናቱን በዚያ ሁኔታ ማየት ፈርቶ? እኔ ብዙ አውቃለሁ። ሊን በአደባባይ የሚፈርድባት ሰው መጀመሪያ ስልኩን አንስቶ ቢደውል ጥሩ ነው።

ሁለቱ እህትማማቾች ብቻቸውን የሚሆኑባቸው ትዕይንቶች የድራማው እምብርት ናቸው። ቤሲ በሕክምናው ፀጉሯ አልቆ ዊግ ታደርጋለች፣ ሊ ዊጉን ታሰማምርላታለች። ሊ መቅኔ ልትሰጥ ነው የመጣችው፣ ግን በእርግጠኝነት የምትችለውና የምታውቀው ነገር ፀጉር ነው፤ ጣቶቿ ሥራ ሲያገኙ ምላሷም ይለሰልሳል። ቤሲ ደግሞ ስለ ክላረንስ ትነግራታለች። ክላረንስ የቤሲ ፍቅረኛ ነበር፣ ሊ መኖሩንም አታውቅም ነበር። ሲስቅ አፉን ከፍቶ ድምፅ የማይወጣው ሰው ነው። ውኃ ውስጥ ሰምጦ የሞተ ጊዜ ዳር ላይ የነበሩት ሁሉ የሚስቅ መስሏቸው አብረውት ይስቁ ነበር። ይሄን ታሪክ ተዋናይቷ ድምፅዋን ሳትቀይር፣ የገበያ ወሬ በሚወራበት ቃና ነው የተናገረችው። በእኔ አስተያየት ትክክል ነው። አንድ ሰው ብቻውን ለዓመታት የተሸከመውን ሐዘን ሲያወራ አያለቅስም፣ ለቅሶው ድሮ አልቋል።

ከዚያ ደግሞ ያቺ ንግግር አለች፤ ድራማውን ያነበበ ሁሉ የሚያስታውሳት። ቤሲ በሕይወቴ ትልቅ ፍቅር አግኝቻለሁ ትላለች። ሊ አዎ፣ አባባም አክስታችንም በጣም ይወዱሻል ብላ ልታጽናናት ትሞክራለች። ቤሲ ታርማታለች። እሷ የምትለው እነሱን መውደዷን ነው፤ አንድን ሰው እንዲህ አድርጎ መውደድ መቻሏን ነው ዕድል የምትለው።

እዚህ ላይ ቆም ብዬ ብዙ አስቤያለሁ። እኛ ዘንድ ወላጁን የጦረ ሰው የሚጠብቀው ነገር አለ፤ ምርቃት። እናት በመጨረሻዋ ሰዓት «ልጄ፣ እንደ ጦርሽኝ ጧሪ አይንሳሽ» ካለቻት፣ ያቺ ልጅ የሃያ ዓመት ድካሟ ካሳ አገኘ ይባላል። ጎረቤትም ይመሰክርላታል፣ ተዝካሩ ላይም ይወራላታል። ማርቪን ግን አይመርቅም። መናገር አይችልም። ጎረቤት የለም፣ የሚያወራላት የለም፣ ቤተ ክርስቲያን የምታውቃቸው ሰዎች መጥተው «አይዞሽ» አይሏትም። ቤሲ ምርቃት ሳታገኝ፣ ማንም ሳያያት፣ ራሷ እየሞተች፣ ዕድለኛ ነኝ ትላለች። ይሄን ስትል ደግሞ ልታስመሰግን ፈልጋ አይደለም። ይሄ ንግግር በመጥፎ ተዋናይት እጅ ቢወድቅ ስብከት ይሆናል። እዚህ ግን አልሆነም፣ ቶሎ ተባለ፣ ክኒኑ ወደ መቁጠሩ ተመለሱ።

ሌላው ያስገረመኝ ሐኪሙ ለራሷ ለቤሲ መናገሩ ነው። አገር ቤት ቢሆን ሐኪሙ ቤተሰቡን ወደ ኮሪደር ይጠራል፣ ውጤቱ ለወንድም ወይም ለትልቅ ልጅ ይነገራል፣ ከዚያ ቤተሰቡ ሁሉ «ጨጓራ ነው፣ ትንሽ ቁስለት ነው» እያለ ለታማሚው ይተውናል። እዚህ አሜሪካ ደግሞ ሕጉም ልማዱም ለታማሚው ቀድሞ መናገር ስለሆነ፣ እንግሊዝኛ የማይችሉ አባቶቻችንን ይዘን ስንሄድ አስተርጓሚውን «እንዲህ ብለህ እንዳትነግረው» ብለን የምንለምን ብዙ ነን። የትኛው ይሻላል ብዬ አልከራከርም። ድራማው ግን አንድ ነገር ያሳያል፤ ቤሲ እውነቱን ስላወቀች ነው እህቷን መጥራት የቻለችው። ባታውቅ ኖሮ ያ ሁሉ ዕርቅ የሚሆንበት ጊዜ አይኖርም ነበር።

ስለ ሕክምናው አንድ ነገር ልበል፣ ድራማውን ስታዩ ይጠቅማችኋል። ከአንድ እናትና አባት የተወለዱ ሁለት ሰዎች መቅኔያቸው ሙሉ በሙሉ የመገጣጠሙ ዕድል ከአራት አንድ ነው፤ የእህት ልጆች ደግሞ ከዚያም በጣም ያንሳል። በ1990 ሙሉ የሚገጥም ካልተገኘ በሩ ተዘጋ ማለት ይቻላል፣ የድራማው ጭንቀትም እዚያ ላይ የቆመ ነው። ዛሬ በግማሽ የሚገጥም ዘመድም መስጠት ይችላል፤ ልጅ፣ ወላጅ፣ እህት፣ አንዳንዴም ራቅ ያለ ዘመድ። ስለዚህ ታሪኩን እንደ ዛሬ የሕክምና መረጃ እንዳትወስዱት። አንድ ያልተለወጠ ነገር ግን አለ፦ ዘመድ ካልገጠመ ከመዝገብ ላይ የማያውቁትን ሰው መፈለግ ነው፣ የአፍሪካ ዝርያ ያለን ሰዎች ደግሞ መዝገቡ ላይ ጥቂት ስለሆንን የሚገጥም የማግኘት ዕድላችን ከነጮቹ በጣም ያነሰ ነው። ለመመዝገብ የሚጠየቀው ከጉንጭ ውስጥ በጥጥ የሚወሰድ ናሙና ነው። ወጣት የሆናችሁ ብትመዘገቡ የአንድ ሰው እህት ትሆናላችሁ።

ጸሐፊው ይሄን ሁሉ ከየት አመጣው ለሚል፣ ከኖረው ነው። ማክፈርሰን ስለ ድራማው በጻፈው ማስታወሻ ላይ 31 ዓመቱ እንደሆነ፣ የፍቅር ጓደኛው ኤድስ እንዳለበት፣ ጓደኞቻቸውም እንደታመሙ፣ ትንሽ የታመመው የባሰበትን እያስታመመ እንደሚኖሩ ተናግሯል። ጓደኛው በየካቲት 1992 ሞተ። እሱ ራሱ በዚያው ዓመት በኅዳር፣ በ33 ዓመቱ አረፈ። ድራማው ውስጥ ኤድስ የሚል ቃል አያስፈልገውም። የታመመ የታመመን ሲያስታምም ማየት ይበቃል። እኛም አገር ነጻው መድኃኒት በ2005 ሳይጀመር በፊት ስንት ቤት ውስጥ ባል ሚስቱን፣ እህት ወንድሟን፣ አያት የልጅ ልጆቿን ሰው እንዳይሰማ በር ዘግታ እንዳስታመመች የዚያ ዘመን ሰው ያውቀዋል። ያ ዘመን በኛ መድረክ ላይ በበቂ አልተነገረም ብዬ አምናለሁ። የተሠሩት ብዙዎቹ «ተጠንቀቁ» የሚሉ ናቸው፤ ስለ አስታማሚዋ ማን ጻፈ?

ድራማው እንከን የለውም ማለቴ አይደለም። የመጀመሪያው ትዕይንት ላይ ሐኪሙ ዶክተር ዋሊ ደም ሊቀዳ ዕቃው ያለበት ይጠፋበታል፣ ይንተባተባል፣ እንግዳ መቀበያው ላይ ያለውም የራሱ ወንድም ነው። አንዴ ያስቃል፣ ሁለቴ ያስቃል፣ ሲደጋገም ግን ቤሲ ወንበሩ ላይ ሆና የምትፈራውን ፍርሃት ያደበዝዘዋል። ነርሲንግ ሆም ለማየት የሚሄዱበት ክፍልም አልተመቸኝም። የቤቱ ኃላፊ እንደ ካርቱን ነው የተጻፈችው፣ ሥራዋን በደንብ የምትሠራ ሰው ልትሆን ትችል ነበር። እኔ ነርሲንግ ሆም ውስጥ የሚሠሩ ብዙ ሐበሾች አውቃለሁ፣ ድርብ ሺፍት ሠርተው፣ የራሳቸው እናት አገር ቤት በሌላ ሰው እጅ ሆና፣ የማያውቋቸውን አዛውንት «ማማ» እያሉ የሚመግቡ። በነሱ ላይ የሚሳቅበት ምክንያት አይታየኝም። ደግሞም ወላጅን እዚያ ማስገባት ብቻውን ክህደት አይደለም። ቤት ውስጥ ሊፍት በሌለው አፓርታማ፣ ሁለቱም ባልና ሚስት እየሠሩ፣ አልጋ ላይ የወደቀ ሰው መያዝ ምን እንደሚመስል ያየ ያውቃል። ማክፈርሰን ለሊ የሰጣትን ርኅራኄ ለዚያች ኃላፊም ትንሽ ቢያካፍላት ኖሮ ጥሩ ነበር።

ስለ ሃንክ፦ ልጁ ጎበዝ ነበር። ከእናቱ ጋር ሲሆን እንደ ግድግዳ ነው፣ ከአክስቱ ጋር ሲሆን ቀስ በቀስ ትከሻው ይወርዳል። ቤሲ አትመክረውም፣ አትሰብከውም፣ ታወራዋለች ብቻ። ሊን የተጫወተችው ግን በመጀመሪያው ክፍል ድምፅዋን በጣም ከፍ አድርጋ ስለነበር ሁለተኛው ክፍል ላይ የምትሄድበት ቦታ አልቀራትም፤ ዊጉ ጋ ስትደርስ ነው የተረጋጋችው። ትዕይንት በተቀየረ ቁጥር መብራት ጠፍቶ ዕቃ ሲጎተት ረጅም ጊዜ ይወስዳል፣ ይሄ የትንሽ ቡድን ችግር ነውና አልፈርድም። ዲዝኒ ዎርልድ የሚሄዱበት ትዕይንት፣ ቤሲ እዚያ ደስታና ጫጫታ መሃል ራሷን የምትስትበት፣ በሁለት ወንበርና በአንድ የጆሮ ኮፍያ ነው የተሠራው። በቂ ነበር፣ አንገቴ ላይ ያለው ፀጉር ሁሉ ቆሟል።

ይሄን ድራማ አንድ ቀን በአማርኛ፣ ብሔራዊ ቴአትር ወይም ሀገር ፍቅር መድረክ ላይ ማየት እመኛለሁ። ብዙ የሚቀየር ነገር የለውም። አባትየው ከጓዳው ሳይወጣ፣ መጋረጃው ጀርባ ሆኖ፣ ሳሉ ብቻ እየተሰማ። አክስትየው ሳሎን ተከታታይ ድራማዋን እያየች። ታናሽ እህት ከአሜሪካ በሻንጣ ስጦታ ይዛ ገብታ፣ ሁሉንም ሰው ስማ፣ ሻንጣውን ከፍታ፣ ያንን የጓዳ በር ብቻ ሳትነካ። ሽቶና ቫይታሚን እያከፋፈለች። ታላቋ ደግሞ ቡናውን እያፈላች፣ ጆሮዋ ጓዳው ጋ ሆኖ። አስታማሚዋን ማን እንደሚጫወታት ሳይቀር በሐሳቤ መርጫለሁ። ዲዝኒን በላንጋኖ ወይም በኩሪፍቱ መተካት ይቻላል። የሚከብደው ሃንክን ማሳመን ነው፤ እናቱን በዚያ ዓይነት ቋንቋ የሚናገር ልጅ የኛ ተመልካች ቶሎ አይቀበልም፣ ግን ውጭ የተወለዱ ልጆቻችንን ያየ ሰው ይቀበለዋል።

ለመሄድ ለምታስቡ፦ እንግሊዝኛው የቤት ውስጥ እንግሊዝኛ ነው፣ የሚያስቸግር ቃል ጥቂት ነው። ለልጆች አይመከርም፤ ከ14 በላይ ላለ ግን ይሆናል፣ በተለይ አያቱን ቤት ውስጥ እያየ ላደገ። ሐዘኑ ትኩስ የሆነበት፣ ገና ተዝካር ያላወጣ ሰው ትንሽ ቢቆይ እላለሁ። የመስታወቱ ግድግዳ አብዛኛውን ጊዜ ከመድረኩ ጀርባ ስለሚሆን ከመሃል ረድፍ ትኬት ያዙ፣ ከዳር የተቀመጠ ሰው ብርሃኑን አያየውም። እረፍቱን ጨምሮ ሁለት ሰዓት ይወስዳል፣ መንገዱን ደምሩበት። ቤት ውስጥ የምታስታምሙት ሰው ካለ ተራ የሚረከባችሁ ሰው ቀድማችሁ ፈልጉ፣ የክኒኑን ሰዓትም ጻፉለት።